«ሶልቬይግ» ማለት ምን ማለት ነው? የስካንዲኔቪያ ሴት ልጅ ስም ትርጉም እንዴት ይፈለጋል

እህቴ ኖርዌይ፣ በርገን ከተማ ሴት ልጅ ወለደች። ባሏ ኖርዌጂያዊ ነው። ልጅቷን በእሱ ቅድመ አያት ስም ሶልቬይግ አሏት። እናቴ ከአዲስ አበባ ደውላ መጀመሪያ የጠየቀችኝ ሕፃኗ ስንት ኪሎ እንደሆነች አይደለም። «ስሟ ምን ማለት ነው?» ነው ያለችኝ።

እኔ ኦስሎ ነው የምኖረው። ቋንቋውን እችላለሁ ባይ ነኝ። ስለዚህ ሳላመነታ መለስኩ። «ሶል ፀሐይ ነው፣ ቬይ መንገድ ነው። የፀሐይ መንገድ ማለት ነው እማዬ።» እልልታዋን አቀለጠችው። በሳምንቱ ዘመድ አዝማዱ ሁሉ ልጅቷን «ፀሐይ» ይላት ጀመር። ክርስትናዋ ዕለት ደግሞ ይህንኑ ትርጉም ተነስቼ ለእንግዶቹ አስረዳሁ። የልጅቷ የአባቷ እናት ጡረታ የወጡ የቋንቋ መምህር ናቸው። ፈገግ አሉና «ቆንጆ ተረት ነው፤ ስሙ ግን እንደዚያ አይደለም» አሉኝ። ቡናዬ እጄ ላይ ቀዘቀዘ።

ነገሩን በደንብ የተማርኩት ከዚያ በኋላ ነው። እዚያ አገር ለወለደ፣ ለተጋባ፣ ወይም ኢንግሪድና አስትሪድ ከሚባሉ ባልደረቦች ጋር ለሚሠራ ሰው ይጠቅም ይሆናል ብዬ አካሄዱን ጻፍኩት።

1. ስሙን ከነአጻጻፉ ያዙ

ሶልቬይግ ሲጻፍ መጨረሻው ላይ «ግ» አለው። ኖርዌጂያኖች ሲጠሩት ግን «ሱልቬይ» ነው የሚሉት፤ ግዋ አትሰማም። ፍለጋውን ጆሯችሁ በሰማው ድምፅ ከጀመራችሁ ገና ከበሩ ትስታላችሁ። እኔን የጣለኝም ይኸው ነው። በዛሬው ኖርዌጂያንኛ «ቬይ» መንገድ ስለሆነ ጆሮዬ የሚያውቀውን ሰማ። ዴንማርኮችማ ጭራሽ መጨረሻውን መንገድ በሚለው ቃል ፊደል ነው የሚጽፉት። ስለዚህ ስህተቱ የእኔ ብቻ አይደለም።

የኖርዌይን፣ የስዊድንን፣ የዴንማርክንና የአይስላንድን አጻጻፍ አንድ ወረቀት ላይ ጎን ለጎን አስቀምጡ። ከዚያ የአይስላንዱን አስምሩበት። አይስላንድኛ ለጥንቱ የኖርስ ቋንቋ (በቫይኪንጎቹ ዘመን ስካንዲኔቪያ ውስጥ ይነገር ለነበረው) ከሁሉም ይቀርባል።

2. ስሙ ከውጭ የገባ እንዳይሆን አረጋግጡ

ብዙ ሰው «የቫይኪንግ ስም» የሚለው ግማሹ ከክርስትና ጋር የገባ ነው። ማሪት ማርጋሬታ ናት። ካሪን ካታሪና ናት። ኪርስተን ክርስቲና፣ ቤሪት ደግሞ ቢርጊታ። ቢርጊታ ራሷ ከአይርላንዷ ብሪጂድ የመጣች ስም ናት፤ እዚያ አካባቢ የገነነችው በስዊድናዊቷ ቅድስት ቢርጊታ (ከ1303 እስከ 1373 እ.ኤ.አ.፤ ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶችም እንደዚሁ ናቸው) ነው። እነዚህን በኖርስ ልፍታ ማለት ዮሐንስን በአማርኛ ሰዋስው ልተርጉም እንደማለት ነው።

3. ለሁለት ክፈሉት፤ መልሳችሁ ግን አትስፉት

ዋናው ጣጣ እዚህ ጋ ነው።

አብዛኞቹ የጥንት ኖርስ ስሞች ከሁለት ቃል የተገጣጠሙ ናቸው። ከፊት የሚመጡት እንደ «አስ» (አምላክ)፣ «ሲግ» (ድል)፣ «ቶር» (ነጎድጓድ የሚጥለው አምላክ)፣ «ጉን» (ጦርነት) ያሉ ናቸው። ከኋላ በሴት ስም ላይ የሚመጡት ደግሞ «ሂልድ» (ውጊያ)፣ «ቦርግ» (ምሽግ)፣ «ዲስ» (እንስት አምላክ)፣ «ሩን» (ምስጢር)፣ «ሪድ» (ውብ፣ ተወዳጅ) የመሳሰሉት ናቸው። አስትሪድ አምላክ ሲደመር ውብ ናት። ሲግሪድ ድል ሲደመር ውብ። ጉድሩን አምላክ ሲደመር ምስጢር።

«ሲደመር» ያልኩት አውቄ ነው። እኛ አማርኛ ተናጋሪዎች እዚህ ላይ የምንሳሳትበት የራሳችን ምክንያት አለን። የእኛ ስም ይናገራል። አለምነሽ፣ ተስፋነሽ፣ ማን ያዘዋል፤ እያንዳንዱ ሙሉ ዓረፍተ ነገር ነው። እናት ለልጇ፣ ወይም አባት ለጎረቤቱ የተናገረው ነገር አለበት። ስለዚህ ሁለት የኖርስ ቃል ስናገኝ እጃችን ዝም ብሎ ይሰፋቸዋል። «የአምላክ ውበት»፣ «በድል ያማረች»፣ «የፀሐይ መንገድ»።

ጉንሂልድ የምትባለውን ስም እዩ። ጉን ጦርነት ነው። ሂልድም ያው ውጊያ ነው። «ጦርነት ጦርነት»! ልስፋው ብትሉ ምን ይወጣዋል? ይባስ ብሎ ሂልደጉን የምትባል ስምም አለች፤ ያው ሁለቱ ቃላት ተገልብጠው። ይህን ስም ያወጡ ወላጆች የሚናገሩት መልእክት አልነበራቸውም። ከዘመድ ስም ክፋይ ወስደው ከሌላ ክፋይ ጋር ነበር የሚያጋጥሙት። የአይስላንዱ ሰፋሪ የስካላግሪም ልጆች ቶሮልፍ እና ቶሩን ይባላሉ፤ ወንድሙና እህቱ በ«ቶር» ይገናኛሉ። የስሙ ወሬ «የማን ዘር ነሽ» ነው እንጂ «ምን ሁኚ» አይደለም። መልሱን ስትጽፉ የመደመር ምልክት አድርጋችሁ ተዉት።

አሁን ሶልቬይግን እንክፈተው። ኋለኛው «ቬይግ» ነው። መንገድ ይሆን? መፈተኛው ቀላል ነው። ያው ክፋይ ያለባቸውን ሌሎች ስሞች ፈልጉ። ራንቬይግ የምትባል ጥንታዊ ስም አለች። «ራን» ቤት ነው። «የቤት መንገድ» ሊባል ነው? አይመስልም። ሁለተኛው መፈተኛ ጾታ ነው። በሴት ስም መጨረሻ የሚገቡት ስሞች እንደ ደንቡ በሰዋስው ራሳቸው አንስታይ ናቸው፤ ሂልድም፣ ቦርግም፣ ዲስም፣ ሩንም። በጥንቱ ኖርስ መንገድ «ቬግር» ነው፤ እሱ ደግሞ ተባዕታይ ነው። ስለዚህ ከጨዋታ ውጪ ነው። «ቬይግ» የሚባለው አንስታይ ቃል በስሞች ውስጥ የሚፈታው ኃይል ወይም ብርታት ተብሎ ነው። ለብቻው ሲቆም ደግሞ ጠንካራ መጠጥ ማለትም ነው። ይህን ለእናቴ አልነገርኳትም።

ፊተኛው ላይ ምሁራኑ ራሳቸው ሁለት ቦታ ተከፍለዋል። አንዱ ወገን «ሶል» ፀሐይ ነው ይላል። ሌላው «ሳልር» ነው ይላል፤ አዳራሽ ወይም ቤት። ራንቬይግ ላይ ቤት ከኃይል ጋር ተጋጥሞ ስላየን የሁለተኛው ወገን ነገር ለእኔ ሚዛን ይደፋል። ግን እንዲህ ሲሆን ሁለቱንም ጻፉ። አንዱን መርጦ መማል ነው እኔን እንግዳ ፊት ያዋረደኝ።

ፀሐይ ያለበት ስም የግድ ካስፈለጋችሁ ሱኒቫ አለችላችሁ። እሷ በእርግጥ «ፀሐይ» ሲደመር «ስጦታ» ናት። ግን ቃሉ የጥንት እንግሊዝኛ ነው። ቅድስት ሱኒቫ በአፈ ታሪኩ ከአይርላንድ ሸሽታ ወደ ኖርዌይዋ ሴልያ ደሴት የመጣች ልዕልት ናት፤ አጽሟ በ1170 ወደ በርገን ተወሰደ። እህቴ የምትኖርባት ከተማ መሆኑ ነው! ወይ ነዶ፣ ቀድሜ ባውቅ ኖሮ።

ሊቭ የሚለውም እንዲሁ ያታልላል። በዛሬው ቋንቋ ሊቭ ሕይወት ነው፤ ሁሉም እንደዚያ ነው የሚሰማው። ሥሩ ግን «ህሊፍ» ነው፤ ከለላ፣ ጥበቃ። የመጀመሪያዋ «ህ» ረግፋ ስትወድቅ ስሙ ከሌላ ቃል ጋር ተምታታ።

ስለ መሣሪያዎች አንድ ነገር ልበል። የሕፃናት ስም ድረ ገጾች አንዱ ካንዱ ነው የሚገለብጡት። አሥሩም ላይ «የፀሐይ መንገድ» ብታገኙ አሥር ምስክር አገኘሁ እንዳትሉ፤ አንድ ስህተት አሥር ጊዜ ነው ያያችሁት። ሰው ሠራሽ አስተውሎቱም የሚማረው ከነዚሁ ነው። ሕዝብ ቤተ መጻሕፍት ገብታችሁ የሰዎች ስም መዝገበ ቃላት ጠይቁ። ኦስሎ ውስጥ ዳይክማን ቤተ መጻሕፍት ሠራተኞቹ ደስ እያላቸው ነው የሚያወጡላችሁ።

4. ስሙን ማን ማን ይዞት እንደኖረ ተከተሉ

ለድንጋይ ላይ ጽሑፍ የስዊድኑ ኡፕሳላ ዩኒቨርሲቲ የሩን (የስካንዲኔቪያ ጥንታዊ ፊደል) ጽሑፎች ዳታቤዝ አለ፤ ነፃ ነው። ስሙን አስገብታችሁ መፈለግ ብቻ ነው። ለምሳሌ ኤስትሪድ የአስትሪድ ሌላ ቅርጽ ናት። ከስቶክሆልም ሰሜን ታቢ አካባቢ በ11ኛው ክፍለ ዘመን የኖረች ኤስትሪድ ስሟ በብዙ የሩን ድንጋዮች ላይ ተቀርጿል። ከ1047 ጀምሮ ዴንማርክን የገዛው ንጉሥ ስቨን ደግሞ «ስቨን ኤስትሪድሰን» ነው የሚባለው፤ በእናቱ ስም። የዘውዱ መብት የመጣለት በእናቱ በኩል ስለነበር ነው።

ሶልቬይግም ዕድሜ ጠገብ ናት። በ13ኛው ክፍለ ዘመን አይስላንድ ውስጥ የሳይሙንድ ልጅ ሶልቬይግ ነበረች፤ በ1238 ጦርነት ላይ የተገደለው የስቱርላ ሲግቫትሶን ሚስት። ዛሬ የምናውቃት ሶልቬይግ ግን የገነነችው በቲያትር ነው። ኖርዌጂያዊው ጸሐፌ ተውኔት ኢብሰን ፔር ጂንት የሚለውን ተውኔት በ1867 አሳተመ። በ1876 መድረክ ላይ ሲወጣ ሙዚቃውን ያገሩ ልጅ የሙዚቃ ደራሲው ግሪግ ሠራለት፤ የሶልቬይግ መዝሙር ከዚያ ነው። ታሪኩ ውስጥ ሶልቬይግ ያንን ዞሮ አደር ፔርን ዕድሜዋን ሙሉ ስትጠብቅ ታረጃለች። እህቴ ይህንን ስትሰማ ፊቷ ተለዋወጠ። «ልጄማ ማንንም አትጠብቅም» አለች።

የኖርዌይ ስታቲስቲክስ ቢሮ የስም መፈለጊያ ዛሬ ስንት ሰው በስሙ እንደሚጠራ ይነግራችኋል። ሁለት ደቂቃ አይፈጅም።

5. ወደ ቤተሰቡ ግቡ

የስሙ ዕድሜና ስሙ በዚያ ቤት የቆየበት ዕድሜ ለየቅል ናቸው። እኔ በቀጥታ እስከ ቫይኪንጎቹ እወርዳለሁ ብዬ ነበር። የአማቾቻችን ሶልቬይግ ግን ከ1908 አላለፈችም። ከሷ በፊት በቤቱ ሌላ ሶልቬይግ የለችም። ወላጆቿ ስሙን ከያኔው ፋሽን ነው የወሰዱት ብዬ እጠረጥራለሁ።

የኖርዌይ ብሔራዊ ቤተ መዛግብት ዲጂታል ክፍል በነፃ ይገኛል። የ1801፣ የ1865፣ የ1900፣ የ1910 እና የ1920 የሕዝብ ቆጠራዎች በየሰዉ ስም ተዘርዝረዋል። የ1910ሩ የልደት ቀንም ስላለው እሱን እመርጣለሁ። ስሙን ሙሉውን አትጻፉ። ቆጣሪውም ቄሱም ደስ እንዳላቸው ነው የሚጽፉት። የመጀመሪያዎቹን ፊደላት አስገቡና የኮከብ ምልክት ጨምሩበት፤ ሁሉንም ዓይነት አጻጻፍ ያመጣል።

ሁለት ልማዶችን ማወቅ ጊዜ ይቆጥባል። አንደኛው፣ የመጀመሪያ ሴት ልጅ በአባቷ እናት፣ ሁለተኛዋ በእናቷ እናት ስም ትጠራ ነበር። ስሙ አንድ ትውልድ እየዘለለ ይሄዳል፤ ስለዚህ የልጅ ልጇን ስም ካወቃችሁ የአያቲቱን መገመት ትችላላችሁ። ሁለተኛው ለእኛ አዲስ አይደለም። በ1923 ኖርዌይ ቋሚ የቤተሰብ ስም በሕግ እስክታስገድድ ድረስ፣ በተለይ ገጠር፣ ሰው የሚጠራው እንደኛው በአባቱ ስም ነበር፤ ሴቷ «የኦላ ልጅ»፣ «የኒልስ ልጅ» እየተባለች። አይስላንድ ዛሬም እንደዚያው ናት፤ እዚያ የታተመው የስልክ ማውጫ እንኳ ይደረደር የነበረው በራስ ስም ነው።

እኔ የወደቅሁት ሦስተኛው ላይ ነው። ከአባት ስም ቀጥሎ የሚጻፈው ሦስተኛ ስም የእርሻ ቦታው ስም ነው። ሰው እርሻ ሲቀይር ስሙም ይቀየራል። እኔ የቤተሰብ ስም መስሎኝ ከሦስት ሳምንት በላይ የሌላ ሰው ቅድመ አያት ስከታተል ከረምኩ። የትውልድ ዓመቷ ልክ፣ የአባቷ ስም ልክ፣ እርሻዋም ልክ ነበር። የእኛዋ ግን በዚያ ዓመት ከወላጆቿ ጋር ፊዮርዱን (ወደ የብስ የገባውን ጠባብ የባሕር ክንድ) ተሻግራ ሌላ እርሻ ላይ ነበረች። ስለዚህ በእርሻ ስም አትመኑ። የልደት ቀኑንና የወላጆቹን ስም አንድ ላይ አመሳክሩ።

6. በግዕዝ ፊደል አንድ አጻጻፍ ምረጡ

ሶልቬይግ፣ ሶልቬግ፣ ሱልቬይ። አንዱን ወስኑና በሁሉም ወረቀት ላይ ያንኑ ተጠቀሙ። እኛ ሁለት ዶክመንት ላይ ሁለት ዓይነት ጽፈን አንድ ቢሮ «እነዚህ ሁለት ልጆች ናቸው» ብሎ መልሶናል። ከዚያ ወዲያ አይነገርም።

7. ለጠየቀ ሰው መልሱ

በመጨረሻ ለእናቴ ደወልኩና ተናዘዝኩ። «እማዬ፣ መንገድ ያልኩሽ ስህተት ነው። ኋላኛው ኃይል ነው። ፊተኛው ደግሞ ወይ ፀሐይ ነው፣ ወይ አዳራሽ ነው።»

ትንሽ ዝም አለች። «ታዲያ ፀሐይዋ አለች አይደል?»

«ልትኖር ትችላለች።»

«በቃ ከነኃይሏ ትሁንልኝ» አለች። «ለመሆኑ አሁን ስንት ኪሎ ሆነች?»