ለልጆች ኮሜዲ ልትቀርጹ ነው? ተንበርከኩ

ለልጆች የሚያስቅ አጭር ፊልም በስልካችሁ ልትቀርጹ ካሰባችሁ፣ መጀመሪያ የማትሳሱለትን ሱሪ ልበሱ። ብዙውን ጊዜ መሬት ላይ ናችሁ። ካሜራው ከልጁ ዓይን እኩል ካልወረደ፣ አዋቂ ቁልቁል እያየ የቀረጸው መሆኑ ያስታውቃል።

እኔ ይሄን የያዝኩት ከአሜሪካዊው የፊልም ዳይሬክተር ከክሪስ ኮለምበስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1990 የወጣውን፣ ቤት ብቻውን የቀረ ልጅ ሌቦችን በወጥመድ የሚያሯሩጥበትን የእሱን ፊልም «ሆም አሎን» ድምፁን አጥፍታችሁ እዩት። ካሜራው ብዙ ቦታ ላይ ዝቅ ብሎ፣ በሰፊ ሌንስ ሽቅብ ያያል። ትልልቆቹ ሰዎች ግድግዳ ያክላሉ።

ወደ ቀልዱ ስንመጣ፣ ቅጣቱን የሚቀምሰው ትልቅ ሰው ይሁን፤ ያውም ጥፋተኛ። እኛ ግቢ በቀረጽነው ፊልም ላይ ሆዳም አጎት የልጆቹን ድፎ ዳቦ ሊሰርቅ ወደ ጓዳ ይገባል። ልጆቹ በሩ ላይ የዱቄት ወጥመድ አዘጋጅተዋል። ወጥመዱን ከተመልካች አትደብቁ። ኮለምበስም በ«ሆም አሎን» ልጁ የወጥመዱን ዕቅድ በቀለም ሲስል አስቀድሞ ያሳየናል። ተመልካቹ ካወቀ በኋላ አጎትየውን አዘግዩት። በሩን ሊገፋ ሲል ስልኩ ይጩህ። ይመለስ። እንደገና ይምጣ። እዚህ ጋ ልጆች «ግባ! ግባ!» እያሉ ይጮሃሉ። ዱቄቱ ሲወርድ በአንድ ሰፊ ሾት፣ ሳትቆርጡ ያዙት። ከዚያ ፊቱን አሳዩ፤ ነጭ ፊት፣ ሁለት የሚርገበገቡ ዓይኖች። ቸኩላችሁ አትለፉት፤ ሳቁ ያለው እዚያ ነው።

በነገራችን ላይ፣ ሰው አናት ላይ ባልዲ አይሰቀልም። ዱቄቱን ፌስታል ውስጥ አድርጉትና ከካሜራው ዕይታ ውጪ ወንበር ላይ የቆመ ሰው ይገልብጠው። ተዋናዩም ትንፋሹን ይያዝ፣ ዓይኑን ይጨፍን።

ሕፃናት ተዋንያንን ረጅም ንግግር አታሸምድዷቸው። ሁኔታውን ንገሯቸውና በራሳቸው አፍ ይበሉት። ሁለት ስልክ ካላችሁ አንዱን ተናጋሪው ላይ፣ ሌላውን ሰሚው ላይ አድርጉ። ኮለምበስ በ1993 የወጣውን «ሚስስ ዳውትፋየር» ሲሠራ፣ ዋናው ተዋናይ ሮቢን ዊሊያምስ ትዕይንቱ በተደገመ ቁጥር አዲስ ነገር ስለሚፈጥር በብዙ ካሜራ ነበር የሚቀርጸው። ልጅም እንደዚያው ነው። አንዴ ያመለጠውን «እስቲ ድገመው» ብትሉት ለዛው ይጠፋል።

የካርቱን ድምፅ አታብዙ፤ ያደክማል።

ኤዲቲንጉን ስትጨርሱ የጎረቤት ልጆችን ሰብስቡ። እናንተ ስክሪኑን ሳይሆን እነሱን እዩ። አንዱ «ውሃ ልጠጣ» ብሎ ከተነሳ ደቂቃውን ጻፉ። ሌላው ከተከተለው፣ ያንን ትዕይንት የቱንም ያህል ብትወዱት አውጡት።