ተመሳሳይ ስም ያላቸውን መድኃኒቶችና ኬሚካሎች ሳያምታቱ እንዴት መለየት ይቻላል?

ክሎትሪማዞል የፈንገስ ማጥፊያ ሲሆን፣ አብዛኛውን ጊዜ ቆዳ ላይ በሚቀባ ቅባት ወይም በሴት ብልት ውስጥ በሚገባ ኪኒን መልክ ይዘጋጃል። ኮትሪሞክሳዞል ደግሞ ሰልፋሜቶክሳዞልና ትራይሜቶፕሪም የተባሉ ሁለት መድኃኒቶችን አጣምሮ የያዘ፣ ባክቴሪያ ለሚያመጣቸው ሕመሞች የሚዋጥ ኪኒን ወይም ሽሮፕ ነው። ሁለቱን ስሞች ጮክ ብሎ ላነበባቸው ሰው ልዩነታቸው ጎልቶ ይሰማል፤ በስልክ ለነገሩት፣ በችኮላ ለተጻፈለት ወይም ስሙን በቃሉ ይዞ መድኃኒት ቤት ለሄደ ሰው ግን ልዩነቱ በቀላሉ ይጠፋል። ኮትሪሞክሳዞል ሰልፋ ስላለበት፣ ሰልፋ የማይስማማው ሰው በስህተት ቢውጠው ብርቱ የቆዳ ጉዳት ሊደርስበት ይችላል። የሚቀጥሉት ደረጃዎች እንዲህ ያለውን መምታታት ማንኛውም አንባቢ የሕክምና ትምህርት ሳይኖረው እንዴት መከላከል እንደሚችል ያሳያሉ። ሁሉም የሚያርፉት በአንድ መሠረት ላይ ነው፤ የመድኃኒት ስም ብቻውን በቂ መታወቂያ አይደለም፣ ስሙ፣ መጠኑና የታዘዘበት ሕመም ሦስቱም ሲገጥሙ ብቻ መድኃኒቱ ትክክለኛው ነው ማለት ይቻላል።

ከሐኪሙ ክፍል ሳይወጡ

የማዘዣ ወረቀት በላቲን ፊደል፣ ብዙ ጊዜም በጥድፊያ ስለሚጻፍ፣ ታካሚው ሊያነበው አይችልም ብሎ ማሰብ ይቀላል። ይሁን እንጂ ታካሚው ሦስት ነገሮችን ለመጠየቅ ሙሉ መብት አለው፤ የመድኃኒቱ ስም ማን እንደሆነ፣ አንዱ ፍሬ ስንት ሚሊግራም እንደሆነና ለየትኛው ሕመም እንደታዘዘ። ሐኪሙ የሕመሙን ስም ከመድኃኒቱ ጎን እንዲጽፍልዎ በትሕትና ይጠይቁ። ይህ ትንሽ ጭማሪ ከባድ ስህተት ያስቀራል። ለምሳሌ ክሎርፕሮማዚን ለአእምሮ ሕመም የሚሰጥ መድኃኒት ሲሆን፣ ክሎርፕሮፓማይድ ግን የደም ስኳርን የሚያወርድ የስኳር በሽታ መድኃኒት ነው። የስኳር በሽታ የሌለበት ሰው ክሎርፕሮፓማይድ ቢውጥ የደም ስኳሩ ከልክ በላይ ወርዶ ራሱን ሊስት ይችላል፤ ወረቀቱ ላይ የሕመሙ ስም ከተጻፈ ግን ፋርማሲስቱ የእጅ ጽሑፉን አሳስቶ ቢያነብ እንኳ ነገሩ እንዳልገጠመ ወዲያው ያስተውላል። ሕመማቸው በወረቀት ላይ እንዲታይ የማይፈልጉ ሰዎች መኖራቸው የሚገባኝ ነው፤ እነርሱ ቢያንስ መድኃኒቱን ለሚያስረክባቸው ፋርማሲስት ዝቅ ባለ ድምፅ ቢናገሩት ያው ጥቅም ይገኛል።

ሁለቱን ስሞች ለይቶ ማወቅ

አንድ መድኃኒት ቢያንስ ሁለት ስም አለው። አንደኛው የመድኃኒቱ የራሱ የጋራ ስም ነው፤ የዓለም ጤና ድርጅት ከ1953 እ.ኤ.አ. ጀምሮ እነዚህን ስሞች በዝርዝር እያወጣ ሲያሳትም ቆይቷል። ሁለተኛው አምራቹ ኩባንያ ለገበያ ያወጣለት የንግድ ስም ነው። ማሸጊያው ላይ የንግድ ስሙ በትልቁ፣ የጋራ ስሙ ደግሞ ከሥሩ በትንሹ የሚታተምበት ጊዜ ብዙ ነው። መያዝ ያለብዎት በትንሹ የተጻፈውን ነው።

የንግድ ስሞች ለመማር የማይመቹበት ምክንያት አለ። በአሜሪካ ለጨጓራ አሲድ የሚሰጠው ኦሜፕራዞል መጀመሪያ ሎሴክ በሚል ስም ገበያ ላይ ውሎ ነበር። ስሙ በኛም አገር በደንብ ከሚታወቀው፣ ሽንት ከሚያሸናው ላሲክስ ጋር እየተምታታ ስላስቸገረ በ1990 እ.ኤ.አ. ፕሪሎሴክ ተብሎ እንዲቀየር ተደርጓል። በ2016 እ.ኤ.አ. ደግሞ ብሪንቴሊክስ የተባለ የድብርት መድኃኒት፣ ደም እንዳይረጋ ከሚሰጠው ብሪሊንታ ጋር በመምታታቱ ትሪንቴሊክስ ተብሏል።

ከውጭ አገር ዘመድ መድኃኒት የሚላክላቸው ሰዎች ይህን ደረጃ ከማንም በላይ ሊጠነቀቁበት ይገባል። ፓራሲታሞል ከአሜሪካ ታይለኖል፣ ከእስራኤል አካሞል፣ ከዓረብ አገሮች ፓናዶል ተብሎ ይመጣል፤ በዚያ ላይ አሜሪካውያን የጋራ ስሙንም አሲታሚኖፌን ይሉታል። ስሞቹን የተለያዩ መድኃኒቶች አድርጎ የሚያስብ ሰው ለራስ ምታቱ አንዱን፣ ለትኩሳቱ ሌላውን ሲወስድ ሳያውቀው መጠኑን እጥፍ ያደርገዋል። ለአዋቂ ሰው በ24 ሰዓት ውስጥ ከ4 ግራም፣ ማለትም ባለ500 ሚሊግራም 8 ፍሬ፣ ማለፍ ጉበትን ክፉኛ ሊጎዳ ይችላል፤ ጉበታቸው የታመመ ወይም አልኮል አዘውትረው የሚጠጡ ሰዎች ልካቸው ከዚህም ያነሰ ነው። በተመሳሳይ መንገድ ሳልቡታሞል በአሜሪካ አልቡቴሮል፣ ግሊቤንክላማይድ ደግሞ ግላይቡራይድ ይባላሉ። ስለዚህ ዘመድዎ መድኃኒት ሲልክ በስልክ ከመንገር ይልቅ የማሸጊያውን ፎቶግራፍ፣ የጋራ ስሙና ሚሊግራሙ በሚታዩበት በኩል አንስቶ እንዲልክልዎ ያድርጉ። እርስዎም ፎቶግራፉን ለፋርማሲስት ያሳዩ።

ስሙን መጀመሪያ፣ መካከልና መጨረሻ ብሎ ማንበብ

የጋራ ስሞች እንዲሁ በዘፈቀደ የወጡ አይደሉም። መጨረሻቸው ብዙ ጊዜ ዘመዳቸውን ይናገራል፤ በ«ሲሊን» የሚያልቁት እንደ አሞክሳሲሊንና ክሎክሳሲሊን ያሉት የፔኒሲሊን ወገን ናቸው፣ በ«ፕሪል» የሚያልቁት እንደ ኢናላፕሪል ያሉት የደም ግፊት መድኃኒቶች ናቸው። ፔኒሲሊን የማይስማማው ሰው «ሲሊን» የሚለውን መጨረሻ ባየ ቁጥር ሳይውጠው በፊት መጠየቅ አለበት።

ሆኖም መጨረሻው ብቻውን ያሳስታል፤ በእኔ ግምት ብዙውን ሰው የሚያጠምደው «አዞል» የሚለው ነው። ሜትሮኒዳዞልና ቲኒዳዞል ለአሜባና ለጃርዲያ ይሰጣሉ። አልቤንዳዞልና ሜቤንዳዞል የወስፋትና የመሰል የአንጀት ትሎች መድኃኒት ናቸው። ፍሉኮናዞልና ኬቶኮናዞል ፈንገስ ያጠፋሉ፤ ኦሜፕራዞል የጨጓራ አሲድን ይቀንሳል፤ ካርቢማዞል ደግሞ ከልክ በላይ የሚሠራን የእንቅርት ዕጢ ያረጋጋል። «ባለፈው የወሰድኩት፣ አዞል የሚለው» ብሎ መድኃኒት ቤት የሚጠይቅ ሰው ከአምስት የማያንሱ የሕመም ዓይነቶችን በአንድ ቃል ጠርቷል ማለት ነው። ቁልፉ ከ«አዞል» በፊት ባለው ድምፅ ላይ ነው፤ «ኒዳዞል»፣ «ቤንዳዞል»፣ «ኮናዞል»፣ «ፕራዞል» ብለው ሙሉውን ቢይዙት ዘመዶቹ ይለያያሉ።

መጀመሪያውም እንዲሁ ነው። ክሎሮኪን፣ ክሎራምፌኒኮል፣ ክሎርፌኒራሚን፣ ክሎርፕሮማዚንና ክሎርፕሮፓማይድ ሁሉም «ክሎር» ብለው የሚጀምሩት በውስጣቸው የክሎሪን አተም ስላለ ነው፤ ሥራቸው ግን ወባ ከማከም እስከ አለርጂ ማስታገስ ይራራቃል። የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር ይህን በማየት በ2001 እ.ኤ.አ. አምራቾች የሚመሳሰሉ ስሞችን የሚለያዩበትን ክፍል ብቻ በትላልቅ የላቲን ፊደላት እንዲያትሙ ማበረታታት ጀመረ። በዚህ አጻጻፍ «ክሎርፕሮ» በትንሹ ይጻፍና «ማዚን» ወይም «ፓማይድ» የሚለው በትልቁ ጎልቶ ይወጣል። የግዕዝ ፊደል ትልቅና ትንሽ ስለሌለው እኛ ያንኑ ሥራ በመስመር ልንሠራው እንችላለን፤ የሚለየውን ክፍል ከሥሩ በቀይ ያስምሩበት። በቤት ውስጥ ሁለት ተመሳሳይ ስሞች ካሉ ይህን ዛሬውኑ ማድረግ ይበጃል።

ስሙን መገልበጥ

ከሰሙት አይጻፉ፤ ከማሸጊያው ላይ ፊደል በፊደል ይገልብጡ። በመጀመሪያ በላቲን፣ ከጎኑ ደግሞ በአማርኛ ይጻፉት፤ በአማርኛው ላይ አንዲት ፊደል እንኳ ለማሳጠር ብለው አይዝለሉ። ከላይ የጠቀስኳቸውን ሁለቱን ስሞች አሳጥሮ «ኮትሪማዞል» ብሎ የጻፈ ሰው ክሎትሪማዞልን ይሁን ኮትሪሞክሳዞልን ማለቱ እንደሆነ ማንም፣ ፋርማሲስቱም ጭምር፣ ሊያውቅ አይችልም።

ቁጥሩም ያው ጥንቃቄ ይሻል። ሚሊግራምና ማይክሮግራም አንድ አይደሉም፤ 1 ሚሊግራም 1000 ማይክሮግራም ነው፣ እንደ ሌቮታይሮክሲን ያሉት የእንቅርት ዕጢ መድኃኒቶች ደግሞ በማይክሮግራም ይለካሉ። ግማሽ ሚሊግራምን ሲጽፉ ከነጥቡ በፊት ዜሮ አስገብተው 0.5 ይበሉ፤ አንድ ሚሊግራምን ግን 1 ብለው ይተዉት እንጂ 1.0 አይበሉ፣ ነጥቡ ካልታየ 10 ተብሎ ይነበባልና።

በመድኃኒት ቤቱ መስኮት

መድኃኒቱን ተቀብለው ከመሄድዎ በፊት ማሸጊያውን ከገለበጡት ስም ጋር ያስተያዩ፤ ከዚያም «ይህ ለምንድን ነው የሚሰጠው?» ብለው ፋርማሲስቱን ይጠይቁ። መልሱ ሐኪሙ ከነገረዎ ሕመም ጋር ካልገጠመ እዚያው ይቁሙ። የታዘዘው አልቆ «ይህም ያው ነው» ተብሎ ሌላ ከተሰጠዎ፣ አንዱ የጋራ ስም በሌላ ኩባንያ የተሠራ ነው ወይስ መድኃኒቱ ራሱ ሌላ ነው ብለው በግልጽ ይጠይቁ። የመጀመሪያው ከሆነ የሚያሳስብ ነገር የለም፤ ሁለተኛው ከሆነ ግን ሐኪሙ ሳያውቅ መቀበል አይገባም።

በቤት ውስጥ

የመድኃኒቱ ስም ፍሬዎቹ ተደርድረው በታሸጉበት ስትሪፕ አንድ ጫፍ ላይ ብቻ የሚታተምበት ጊዜ አለ። ስለዚህ ፍሬዎቹን ስም ከሌለበት ጫፍ ጀምረው ይጠቀሙ፤ ስሙና የማብቂያ ጊዜው እስከ መጨረሻው ፍሬ ድረስ አብረው ይቆያሉ። ሜትፎርሚንና ሜትሮኒዳዞል ሁለቱም በ500 ሚሊግራም ኪኒን ይዘጋጃሉ፤ ከማሸጊያቸው ወጥተው በአንድ ብልቃጥ ከተቀመጡ የስኳር በሽታ መድኃኒቱን ከአሜባው ለመለየት መልካቸው ዋስትና አይሆንም። ስማቸው የሚቀራረብ መድኃኒቶችን በተለያየ መደርደሪያ፣ የልጆችን ደግሞ ከሁሉም ለይተው ያስቀምጡ።

ኬሚካሎችን በተመለከተ

በኬሚካል ስም ውስጥ አንዲት ድምፅ ምግብን ከመርዝ ትለያለች። ኤታኖል በመጠጦች ውስጥ ያለው አልኮል ነው፤ ሜታኖል ግን ዓይን የሚያሳውርና የሚገድል ነው። ናይትሬትና ናይትራይት፣ ሰልፌትና ሰልፋይድ እንዲሁ የተለያዩ ነገሮች ናቸው። በቤት ውስጥ ከሁሉም የሚያሰጋው «ሶዳ» የሚለው አጭር አጠራር ነው፤ ቤኪንግ ሶዳ ለዳቦና ለኬክ የሚገባው ሶዲየም ባይካርቦኔት ሲሆን፣ ኮስቲክ ሶዳ ሳሙና ለመሥራት የሚያገለግለው፣ የጉሮሮን ሥጋ የሚበላው ሶዲየም ሃይድሮክሳይድ ነው። ሁለቱንም ነጭ ሆነው ያገኟቸዋልና «ሶዳ» ብቻ ብሎ መጻፍም፣ ልጅን «ሶዳውን አምጣ» ብሎ መላክም መቅረት አለበት። ኮስቲክ ሶዳን፣ በረኪናንና የመሳሰሉትን በውኃ ሃይላንድ ውስጥ በፍጹም አይገልብጡ።

ስህተት ከተፈጸመ

የተሳሳተ መድኃኒት እንደተወሰደ ከጠረጠሩ የሚቀጥለውን መጠን አይውሰዱ፤ ሰውየው ደህና ቢመስልም ምልክቱ እስኪታይ ሳይጠብቁ ማሸጊያውን፣ የቀሩትን ፍሬዎችና የማዘዣ ወረቀቱን ይዘው በአቅራቢያዎ ወዳለ የጤና ተቋም ይሂዱ። ስንት ፍሬ እንደተወሰደና በስንት ሰዓት እንደሆነ ይጻፉ። ኮስቲክ ሶዳ ወይም በረኪና የዋጠን ሰው ለማስታወክ አይሞክሩ፤ ሲወርድ ያቃጠለው ሲመለስ በድጋሚ ያቃጥላልና። ስህተቱ ከስም መመሳሰል የመጣ ከሆነም ለሐኪሙና መድኃኒቱን ለሰጠው ፋርማሲስት ሁለቱንም ስሞች ጠቅሰው ያሳውቁ፤ በኢትዮጵያ ከሆኑ ጉዳዩን ለምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን ማመልከት ይቻላል።