የአልኮል ሕመምን በኮድ ስትመዘግቡ ልትርቋቸው የሚገቡ ስህተቶች

አሜሪካ ውስጥ በሕክምና ኮዲንግና ቢሊንግ (ምርመራን ወደ ኮድ ቀይሮ ክፍያ በመጠየቅ) ለሚሠራ ሰው፣ የአልኮል ሕመሞች የሚመዘገቡበት ኤፍ10 የየዕለት እንጀራው ነው። ምድቡ ከላይ ሲታይ ቀላል ነው፤ አብዩዝ (ጎጂ አጠቃቀም) ኤፍ10.1፣ ጥገኝነት ኤፍ10.2፣ ያልተለየ አጠቃቀም (ዩዝ) ኤፍ10.9፣ አለቀ። ችግሩ ያለው ኮደሩ ሐኪሙ ያልጻፈውን ከራሱ ሞልቶ ማንበብ ሲጀምር ነው። ከታች ያሉት ስህተቶች አብዛኞቹ ከዚሁ ይመነጫሉ።

የሕመሙ ደረጃ ሳይጻፍ ኤፍ10.20 መስጠት

የአእምሮ ሕመሞች መለያ መጽሐፍ የሆነው ዲኤስኤም-5 በ2013 (በአውሮፓ አቆጣጠር) ሲወጣ አብዩዝና ጥገኝነት የሚለውን ክፍፍል ትቶ ሁለቱንም «አልኮል ዩዝ ዲስኦርደር» በሚል አንድ ስም ጠቀለላቸው። የአሜሪካው የኮድ መጽሐፍ አይሲዲ-10-ሲኤም ግን የድሮውን ክፍፍል ይዞ ቀጥሏል። ስለዚህ ሐኪሙ «ቀላል» ካለ ኤፍ10.10፣ «መካከለኛ» ወይም «ከባድ» ካለ ኤፍ10.20 ይሆናል። ደረጃውን ካልጻፈስ? መጠየቅ ነው እንጂ መገመት የለም።

ደረጃው የሚለካው በ12 ወር ውስጥ ከ11 መስፈርቶች ስንቱ እንደተሟሉ ነው፦ 2 ወይም 3 ቀላል፣ 4 ወይም 5 መካከለኛ፣ 6 እና ከዚያ በላይ ከባድ። ይህን የሚያውቅ ኮደር የሐኪሙ ማስታወሻ (ኖት) ላይ የተዘረዘሩትን ምልክቶች ቆጥሮ «አምስት ሆነ፣ መካከለኛ ነው» ለማለት ይቃጣዋል። ቆጠራው ትክክል ቢሆን እንኳ ምርመራውን የሰጠው ኮደሩ ሆነ ማለት ነው፤ ኦዲት ላይ አይቆምም።

የሚጠጣን ሁሉ ኤፍ10.9 ውስጥ መክተት

ነርሷ በማኅበራዊ ታሪክ ሥር «በበዓል ጠላ፣ ቅዳሜ ማታ ሁለት ቢራ» ብላ ብትጽፍ ኮድ የሚሆን ነገር የለም። ኤፍ10.90 ከጥቅምት 2022 መጀመሪያ (በአውሮፓ አቆጣጠር) ጀምሮ ሲጨመር ብዙዎች «መጠጥ ለሚጠጣ ሰው የመጣ ኮድ» አድርገው ወሰዱት። መመሪያው የሚለው ሌላ ነው፦ ያልተለየ አጠቃቀም የሚመዘገበው መጠጡ ከአንድ ሕመም ጋር ሲያያዝና ግንኙነቱን ሐኪሙ ራሱ ሲጽፈው ብቻ ነው።

አንዱ ኖት «ዩዝ»፣ ሌላው «አብዩዝ»፣ ሦስተኛው «ጥገኝነት» ቢልስ? ከፍተኛው አንዱ ብቻ ይወሰዳል። ጥገኝነት ከሁሉም በላይ ነው፣ አብዩዝ ከዩዝ በላይ።

«አንኮምፕሊኬትድ» የሚለውን ቃል መፍራት

ልምድ ያላቸው ኮደሮች እንኳ የሚሰናከሉት እዚህ ላይ ነው። የኤፍ10.20 ስም «አንኮምፕሊኬትድ» (ውስብስብ የሌለበት) ይላል። ሕመምተኛው የአልኮል ጥገኛ ነው፤ ከመጠጡ የተነሳ አጣዳፊ የቆሽት ብግነት ይዞት ተኝቷል። ኮደሩ «ቆሽቱ እየተቃጠለ እንዴት ውስብስብ የሌለበት እላለሁ?» ብሎ ኤፍ10.20ን ትቶ በአልኮል የመጣ ሌላ ዲስኦርደር ወደሚለው ኤፍ10.288 ይሄዳል። ስህተት ነው። ይፋዊው መመሪያ ይህንኑ ምሳሌ አንስቶ መልሱን ሰጥቷል፤ ከመጠጥ የመጣ የአካል ሕመም «በአልኮል የመጣ ዲስኦርደር» ተብሎ አይመደብም። ትክክለኛው በኬ85.2 (በአልኮል የመጣ አጣዳፊ የቆሽት ብግነት) ከሚጀምሩት አንዱ ሲሆን፣ አብሮት ኤፍ10.20 ይገባል።

ለጉበትም አካሄዱ ይኸው ነው። የአልኮል ሲሮሲስ (የጉበት መጠባሰል) ሆድ ውስጥ ውኃ ካልቋጠረ ኬ70.30፣ ከቋጠረ ኬ70.31 ሆኖ የኤፍ10 ኮድ ይታከልበታል። ያለ ኤፍ10 የተላከ ኬ70 ግማሹ ብቻ የተነገረ ምርመራ ነው።

መጠጥ ሲቋረጥ የሚመጣ ሕመም (ዊዝድሮዋል)፦ ከመድኃኒቱ ተነስቶ መደምደም

ቻርቱ ላይ ሲዋ (የዊዝድሮዋልን ክብደት የሚለካ) ነጥብ 18፣ የእጅ መንቀጥቀጥ፣ ላብ፣ ማስታገሻው ሎራዜፓም 2 ሚሊግራም ተሰጠ የሚል አለ። የሐኪሙ ኖት ግን «የአልኮል ጥገኝነት፣ ክትትል ይደረግ» ብቻ ነው የሚለው። ጥገኝነት ከዊዝድሮዋል ጋር የሚለው ኤፍ10.23 ለኮደሩ ግልጽ ይመስላል፤ ያም ሆኖ ነጥብና መድኃኒት ምርመራ አይደሉም። ለሐኪሙ የሚላከው ኩዌሪ (የጽሑፍ ጥያቄ) እንዲህ ያለ ነው፦ «ሲዋ 18፣ መንቀጥቀጥ፣ ላብ፣ ሎራዜፓም 2 ሚሊግራም ተመዝግበዋል። የታከመውን ሁኔታ ይግለጹልን፦ ዊዝድሮዋል ያለ ዴሊሪየም (የአእምሮ መደነጋገር)፤ ዊዝድሮዋል ከስሜት ሕዋሳት መዛባት ጋር፤ ዊዝድሮዋል ከዴሊሪየም ጋር፤ ሌላ፤ መወሰን አይቻልም።» «ዊዝድሮዋል ነው አይደል?» ብሎ መጠየቅ መልሱን አፉ ላይ ማጉረስ ስለሆነ አይፈቀድም።

መልሱ ሲመጣ ውስብስብ የሌለው ኤፍ10.230፣ ዴሊሪየም ኤፍ10.231፣ የስሜት ሕዋሳት መዛባት ኤፍ10.232፣ ዓይነቱ ካልተገለጸ ኤፍ10.239 ነው። ከእነዚህ ጎን ኤፍ10.20 መጨመር ትርፍ ነው፤ ጥገኝነቱ ኮዱ ውስጥ አለ። ሌላው የቆየ ልማድ ደግሞ ዊዝድሮዋል ባዩ ቁጥር ሕመሙን ወደ ጥገኝነት ከፍ ማድረግ ነው። ድሮ ሌላ ኮድ ስላልነበረ ነው። ከ2020 ጀምሮ ግን ለአብዩዝ ኤፍ10.13፣ ላልተለየ አጠቃቀም ኤፍ10.93 አለ። ጠረጴዛ ላይ የተለጠፈችው አሮጌ ማስታወሻ ይህን አታውቅም።

«ታሪክ አለው» የሚለውን ሪሚሽን ብሎ መተርጎም

«የአልኮል ጥገኝነት ታሪክ» የሚለውን አንዱ ሐኪም ለተወ ሰው፣ ሌላው ትናንት ማታ ለጠጣ ሰው ይጽፈዋል። ሪሚሽን፣ ማለትም ሕመሙ ለቆታል ማለት፣ የሐኪም ውሳኔ ነው። ቀላል የነበረው ኤፍ10.11፣ መካከለኛና ከባድ የነበረው ኤፍ10.21 ይወስዳል። የዲኤስኤም መለኪያ ከ3 ወር እስከ 12 ወር ያልሞላውን የመጀመሪያ፣ 12 ወርና ከዚያ በላይ የሆነውን የጸና ሪሚሽን ይለዋል። ኮዱ ላይ ግን ሁለቱ ልዩነት የላቸውም። የታሪክ ዜድ87 ፍለጋ ጊዜ አታጥፉ፤ ለአልኮል ጥገኝነት እዚያ ቦታ የለውም።

የደም አልኮል መጠንን መርሳት ወይም ማስቀደም

የደም አልኮል መጠን ኮዱ ዋይ90 ሁልጊዜ ተከታይ ነው፣ ፊት አይቆምም። ቁጥሩን ከነርስ መዝገብ መውሰድ ይቻላል፤ ተያያዡን ምርመራ ግን ሐኪሙ መጻፍ አለበት። ቁጥሩን የምታነቡት በ100 ሚሊሊትር ስንት ሚሊግራም በሚለው ነው፤ 0.18 በመቶ 180 ነውና ዋይ90.6፣ 0.25 ደግሞ 250 ነውና ዋይ90.8 ይሆናል።

የዓለም ጤና ድርጅትን መጽሐፍ ከአሜሪካው ጋር መቀላቀል

አገር ቤት በአይሲዲ-10 የሠራ ሰው አሜሪካ ሲመጣ የሚጠብቀው ወጥመድ ይህ ነው። በዓለም ጤና ድርጅት እትም ኤፍ10.3 ዊዝድሮዋል፣ ኤፍ10.4 ዊዝድሮዋል ከዴሊሪየም ጋር ነው፤ በአሜሪካው ሁለቱም የሉም። ይባስ ብሎ ኤፍ10.23 በሁለቱም አለ፣ ትርጉሙ ግን አይገናኝም። እዚያ መጠጥ አቁሞ በሚያስጠላ ወይም በሚያግድ መድኃኒት ላይ ያለን ጥገኛ ሲያመለክት፣ እዚህ በዊዝድሮዋል የሚሠቃየውን ነው። አዲሱን የዓለም ጤና ድርጅት እትም አይሲዲ-11ን ያነበበ ደግሞ ጥገኝነትን 6ሲ40.2 ብሎ ያውቀዋል፤ በአሜሪካ ክሌይም (የክፍያ ጥያቄ) ላይ አይሠራም።

የአሜሪካው ዋና እድሳት በየዓመቱ ኦክቶበር 1 ቀን ይገባል። ኮዱ የሚመረጠው ተመላላሽ ሕመምተኛ አገልግሎት ባገኘበት፣ የተኛው ደግሞ ከሆስፒታል በወጣበት ቀን በሚሠራው መጽሐፍ ነው። ሴፕቴምበር 29 ገብቶ ኦክቶበር 2 የወጣ ሰው በአዲሱ መጽሐፍ ይመዘገባል።