የቤታችን ሐራጅ የቆመበት መንገድ

አባታችን አምና ቤታችንን ለብድር አስይዘው ነበር፤ ከባንኩ የ30 ቀን የሐራጅ ማስጠንቀቂያ ደረሰን። የክፍያ ጊዜ ይራዘም ብንል እምቢ ተባልን። የመነሻ ዋጋው አነሰ ብለን ልደታ ፍርድ ቤት እግድ ብንጠይቅም ውድቅ ሆነ፤ አዋጅ ቁጥር 97/1990 ባንክ ያለ ፍርድ መያዣ እንዲሸጥ ይፈቅዳልና።

የመያዣ ውሉን ግልባጭ አውጥተን ስናየው በመጨረሻው ገጽ የአባታችን ፊርማ ብቻ አለ፤ የእናታችን የለም። የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ አንቀጽ 68 ግን የጋራ ቤት ለማስያዝ የሁለቱንም ስምምነት ይጠይቃል። እናታችን በራሷ ስም፣ የጋብቻ ምስክር ወረቀቷን አያይዛ፣ በአንቀጽ 69 ውሉ እንዲፈርስ ከሰሰች፤ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 154 እግድ ጠየቀች። ሐራጁ ቆመ፤ በኋላም ውሉ ፈረሰ። ዕዳው ግን አልተሰረዘም፤ እየከፈልን ነው።

እባካችሁ ቀኑ እንዳያልፋችሁ፦ ክሱ የሚቀርበው ውሉ መኖሩ በታወቀ በ6 ወር፣ ቢዘገይ ውሉ በተደረገ በ2 ዓመት ውስጥ ነው።