ክራንቤሪ ሶስ ሲበላሽ፦ ችግሩ፣ ምክንያቱ፣ መፍትሄው

ክራንቤሪ ትንሽ፣ ቀይ፣ ኮምጣጣ ፍሬ ነው። ሶሱ ሦስት ነገር ብቻ ነው፤ ፍሬው፣ ስኳርና ውሃ። ግን በየዓመቱ ኅዳር ላይ ስንት ድስት እንደሚያስጥል እኔን ጠይቁኝ። ዘመድ ከአሜሪካ ይመጣል፣ ታንክስጊቪንግ የሚሉት የአሜሪካ የምስጋና በዓል አዲስ አበባ ላይ ይከበራል። ተርኪውን (ትልቁን የአሜሪካ ዶሮ መሰል ወፍ) አንዱ ይጠብሳል፣ ሶሱን «ቀላል ነው» ብሎ ሌላው ይረከባል። ማታ ላይ ስልኬ ይጮኻል። ለገናም እንደዚያው።

ፍሬውን ልቀሙ፣ እጠቡ አልልም። ይህን ታውቃላችሁ። መነሻ ልኬቱም የታወቀ ነው፤ 340 ግራም ትኩስ ወይም ፍሮዝን (በረዶ የሆነ) ክራንቤሪ፣ 200 ግራም ስኳር፣ ወደ 240 ሚሊ ሊትር ውሃ። የአሜሪካው ከረጢት 12 አውንስ ስለሆነ ነው ቁጥሩ እንዲህ የሆነው። የአሜሪካው አሠራር ለውሃው «አንድ ካፕ» የሚለውን በሻይ ብርጭቆ የሚለካ ሰው ግን አለ። በቡና ሲኒ የለካም አውቃለሁ። መለኪያ ከሌላችሁ የግማሽ ሊትር ሃይላንድ እኩሌታ ውሃ ይበቃችኋል። ስኳሩን አትክልት ቤት ወስዳችሁም ቢሆን በሚዛን አስለኩ።

«ሙጫ ሆነብኝ»

አብዛኛው ጥሪ ይሄ ነው። እዚህ ላይ ረጋ ብለን እንነጋገር።

ምልክቱ፦ ትኩስ እያለ ምንም ችግር የለበትም። ሲበርድ ግን ሳህኑን ይዞ ቁጭ ይላል። ማንኪያ ስታነሱ ክር ይስባል። ቀለሙ ከደማቅ ቀይ ወደ ቡናማ ያደላል። ጥርስ ላይ ይጣበቃል።

ምክንያቱ ብዙ ጊዜ ቴርሞሜትር ነው። የውጭ አገር አሠራር «104 ዲግሪ ሲደርስ አውርዱ» ይላል። ይህ ቁጥር የተጻፈው ውሃ 100 ዲግሪ ላይ ለሚፈላለት፣ ባሕር ጠረፍ ለሚኖር ሰው ነው። ፒያሳ ከባሕር ወለል በላይ 2,400 ሜትር አካባቢ ናት። እዚህ ውሃ የሚፈላው 92 ዲግሪ ገደማ ነው። ሶስም ሆነ ማርማላታ የሚረጋው ደግሞ ውሃ ከሚፈላበት 4 ዲግሪ ያህል ከፍ ሲል ነው። ስለዚህ የእኛ ቁጥር 96 አካባቢ ነው ማለት ነው። 104 እስኪሞላ የሚጠብቅ ሰው ከሚፈላ ውሃ 12 ዲግሪ በላይ ወጥቷል። እዚያ ላይ የሚሠራው ከረሜላ ነው። ውሃው ተንኖ አልቋል፣ ድስቱ ውስጥ የቀረው ስኳር ነው።

ካዛንቺስ አንዲት ልጅ አለች፣ የእህቴ ጓደኛ። ከሲያትል ስትመጣ አዲስ ዲጂታል ቴርሞሜትር ይዛ መጣች። ደወለችልኝ። «97 ላይ ቀጥ አለ፣ ተበላሽቷል መሰለኝ» አለችኝ። ቴርሞሜትሩ ምንም አልሆነም። «በይ አሁኑኑ አውርጂው!» አልኳት። «104 ነው እኮ የሚለው» ብላ ተከራከረችኝ። ከዚያ እሳቱን ጨመረችበት። እኔ ስደርስ ሶሱን በቢላ ነበር የቆረጥነው። እናቷ አንዷን ቁራጭ አፋቸው ውስጥ ከተው ቆይተው «ደስታ ከረሜላ» አሉ። እንግዶቹ በር ላይ ነበሩ።

ሁለተኛው ምክንያት ቴርሞሜትርም አያስፈልገው። ሶሱ ትኩስ እያለ ቀጭን ነው። ሁልጊዜ። የሚያረጋው ፔክቲን የሚባል ነገር ነው፤ ፍሬው ሲፈነዳ ከልጣጩና ከሥጋው ይወጣል። ሥራውን የሚጨርሰው ግን ሲበርድ ነው። ወጥ የለመደ እጅ ይህን አያምንም። ወጥ እሳት ላይ ካልወፈረ አይወርድማ! ጎረቤቴ አራት ኪሎ ያሉ እትዬ ዶሮ ወጥ ላይ እጃቸው አይታማም። ሶሱን ድስቱ ውስጥ አዩና «ገና ነው፣ አልተቁላላም» አሉ። ግማሽ ሰዓት አቆዩት። ማማሰያው በማግስቱ ነው የወጣው፤ እሱም በፈላ ውሃ ተዘፍዝፎ።

መፍትሄው እንዲህ ነው። ቴርሞሜትር ካላችሁ መጀመሪያ ባዶ ውሃ አፍሉበት። ያሳያችሁ ቁጥር ላይ 4 ጨምሩ። የእናንተ ቁጥር እሱ ነው። ቤታችሁ ወደ እንጦጦ ከሆነ ቁጥሩ ከእኔ ቤት ዝቅ ይላል፣ ቦሌ ከሆነ ትንሽ ከፍ ይላል። ለዚህ ነው ቁጥሩን ከእኔ አትውሰዱ፣ ለኩት የምለው።

ቴርሞሜትር ከሌላችሁ ደግሞ እንዲያውም ይሻላል። ትንሽ ሳህን ፍሪዘር ውስጥ አስቀምጡ። ፍሬው መፈንዳት ከጀመረ 10 ደቂቃ ሲሆነው ድስቱን ከእሳት አውርዱ። አውርዱ ነው ያልኩት። እናንተ ሳህን ላይ ስትሞክሩ እሳት ላይ ያለው ሶስ አይጠብቃችሁም። ከሶሱ ቀዝቃዛው ሳህን ላይ ጠብ አድርጉ፣ አንድ ደቂቃ ቆዩ፣ መሐሉን በጣት ሰንጥቁት። መንገዱ ክፍት ሆኖ ከቀረ አልቋል። ተመልሶ ከገጠመ ሁለት ደቂቃ ጨምሩለት፣ እንደገና ሞክሩ።

የጠጠረውን ለማዳን፦ የፈላ ውሃ ሁለት ሁለት ማንኪያ እየጨመራችሁ፣ በጣም በቀዘቀዘ እሳት፣ ቀስ እያላችሁ አማስሉ። ይመለሳል። አረረ አረረ ከሸተተ ግን አትድከሙ። ታችውን አትፋቁ፤ ላይኛውንም ታበላሹታላችሁ። ይደፋ።

«ውሃ ሆነ፣ አልረጋም»

መጀመሪያ፣ ፍሪጅ ውስጥ አድሯል? ካላደረ አትደውሉልኝ።

አድሮም ውሃ ከሆነ የገዛችሁትን ከረጢት አምጡና እንየው። እዚህ ከተማ በብዛት የሚገኘው ደረቁ ክራንቤሪ ነው። እሱ በስኳር ተዘፍዝፎ የደረቀ ነው፣ ብዙ ጊዜም እንዳይጣበቅ ዘይት ይነካዋል። ድስት ውስጥ አይፈነዳም፣ ያብጣል እንጂ። እንደ ትኩሱ አያረጋም። በዚያ ላይ 200 ግራም ስኳር ስትጨምሩበት ፍሬ የሚንሳፈፍበት ሽሮፕ ትጠጣላችሁ። ሱቁ «ያው ነው» ብሎ ይሸጥላችኋል። ያው አይደለም።

በደረቁ ልሥራ ካላችሁ አሠራሩ ሌላ ነው። ከርከዴ በ350 ሚሊ ሊትር ውሃ አፍልታችሁ አጥልሉት። ቀለሙንና ኮምጣጣነቱን የሚመልሰው እሱ ነው። በዚያ ሻይ 200 ግራም ደረቅ ክራንቤሪ ቀቅሉ። ስኳር አሁን አይገባም፤ ቀድሞ ከገባ ልጣጩ ቆዳ ሆኖ ይቀራል። ፍሬው ሲያብጥ አንድ አረንጓዴ ፖም ከነልጣጩ ፈቅፍቃችሁ ጨምሩ። ፔክቲኑ ከዚያ ይመጣል። የአንድ ሎሚ ጭማቂ አክሉ። ፖሙ ሲሟሟ ቅመሱና ስኳሩን በሾርባ ማንኪያ እየለካችሁ ጨምሩ። ሁለት ወይም ሦስት ከበቂ በላይ ነው። ግማሹን በጁስ መፍጫ ፈጭታችሁ ብትመልሱት ከትኩሱ ብዙ አይርቅም።

ፍሮዝን ገዝታችሁም ውሃ ከሆነ መብራት ነው። ሱቁ ውስጥ ጠፍቶ ፍሬው ቀልጧል፣ መብራቱ ሲመጣ ተመልሶ በረዶ ሆኗል። ከረጢቱን ስትነቀንቁት ፍሬዎቹ መንኳኳት አለባቸው። አንድ ድንጋይ ከሆነ መልሱት። አማራጭ ከሌላችሁ ውሃውን በግማሽ ቀንሱ፤ ጭማቂው ቀድሞ ወጥቷል። ደህናውን ፍሮዝን ደግሞ አታቅልጡት፣ እንዳለ ድስት ውስጥ ይግባ።

ስኳሩን «ለጤና» ብላችሁ በግማሽ ከቀነሳችሁም ጠበቅ ብሎ አይረጋም። ስኳሩ ለጣዕም ብቻ አይደለም የሚገባው፣ ፔክቲኑም ይፈልገዋል።

በቆሎ ስታርች አትጨምሩ። ሶሱን ያደፈርሰዋል፣ ይሄ ሁሉ ኮምጣጣ ባለበት ደግሞ አይጸናም። ጄላቲንም አትጨምሩ። ጄላቲን ከእንስሳት ቆዳና አጥንት ነው የሚሠራው። ታንክስጊቪንግ የሚውለው ኅዳር 15 ከሚገባው ጾመ ነቢያት ጥግ ነው። ገበታው ላይ ጾመኛ ካለ ከተርኪው አጠገብ መብላት የሚችለው ይሄን ሶስ ሊሆን ይችላል። እሱንም አትንፈጉት።

«ብረት ብረት ይላል»

ምልክቱ፦ ምላስ ላይ ሳንቲም የላሱ ያህል ይሰማል። ቀለሙም ፈዞ ወደ ወይን ጠጅ ይሄዳል።

ምክንያቱ የአሉሚኒየም ድስት። ከመርካቶ የመጣው ቀላሉ፣ በሁላችንም ቤት ያለው። ክራንቤሪ በጣም ኮምጣጣ ነው፣ ብረቱን ይበላዋል። ድስቱን በብረት ሱፍ ፈትጋችሁ አብረቅርቃችሁት ከሆነማ ጭራሽ ይብሳል። መፍትሄ የለውም፣ ከሶሱ ውስጥ ብረት አይለቀምም። በስቴንለስ ወይም ቀለሙ ባልተላጠ ኢናሜል ድስት እንደገና ሥሩ። አብስሎ ወደ ሌላ ዕቃ ቶሎ መገልበጥም አያድንም። ለማሳደርማ እንዳታስቡት።

«በርበሬ በርበሬ ይሸታል»

ሸክላ ድስት ኮምጣጣውን ይችላል፣ ግን ዶሮ ወጥ የኖረበትን ሸክላ ማንም አያጸዳውም። ማማሰያውም እንደዚያው ነው። የእንጨት ማማሰያ የሽንኩርቱን፣ የቁሌቱን፣ የኮረሪማውን ሽታ ይዞ ይኖራል። ለጣፋጭ ነገር የራሱን ማማሰያ ግዙለት፣ ከወጡ ጋር አንድ መሳቢያ ውስጥ አታስቀምጡት።

አንድ ቤት የገጠመኝ ግን ማማሰያ አልነበረም። አሠራሩ «አረፋው እንዳይበዛ ጥቂት ቅቤ» ይላል። ልጁ ፍሪጅ ከፈተ፣ ቅቤ አገኘ፣ ጣል አደረገ። የእናቱ ንጥር ቅቤ ነው! አረፋው በእርግጥ ጠፍቷል። አረፋ በማንኪያ ይገፈፋል፣ ቅቤ አያስፈልገውም።

የቀሩት

መረረ፦ ለሽታ ብላችሁ የብርቱካን ልጣጭ ፍቃችሁ ከጨመራችሁበት፣ ነጩንም አብራችሁ ፍቃችኋል። ብርቱካናማው ብቻ ይፋቅ።

በጣም ኮመጠጠ፦ ትኩስ እያለ ስኳር ጨምሩ። ቤኪንግ ሶዳ አትጨምሩ። ሶዳ ኮምጣጣነቱን ሲሰብር ቀለሙንም ይገለብጠዋል፣ ግራጫ ሰማያዊ ሶስ ማንም አይበላም።

ፍሬው ሳይፈነዳ ውሃው አለቀ፦ እዚህ ውሃ በዝቅተኛ ሙቀት ስለሚፈላ ፍሬው ለመብሰል ይዘገያል። እስኪፈነዳ ክደኑት፣ ከዚያ ክፈቱት። ሲፈነዳ ይተፋል፣ ፊታችሁን አታስጠጉ። ልጆች ከምድጃው ይራቁ።

ጠቆረ፦ ቡናማ ስኳር ነው። ጣዕሙ ደህና ነው፣ ቀለሙን እርሱት።

መሐል ላይ መብራት ሄደ፦ ምንም አይሆንም። ድስቱን ተዉት፣ ሲመጣ ከቆመበት ይቀጥላል። ከሰል ላይ ካዛወራችሁት ግን አጠገቡ ቁሙ፣ የከሰል እሳት አይቀነስላችሁም።

ሻገተ፦ ወጥ የነካ ማንኪያ ገብቶበታል። ንጹሕ፣ ክዳን ያለው የጠርሙስ ዕቃ ውስጥ አድርጋችሁ ፍሪጅ ብታስገቡት ከሳምንት በላይ ይቆያል። የፈላ ሶስ ቀዝቃዛ ጠርሙስ ውስጥ አትገልብጡ፣ ይሰነጠቃል። መጀመሪያ ጠርሙሱን በሙቅ ውሃ አለቅልቁት።