የማታውቁት ክፍያ የባንክ ስቴትመንት (የሒሳብ መግለጫ) ላይ ካያችሁ

ባሕር ዳር፣ ጣና ዳር ምሳ በልታችሁ በካርድ ከፈላችሁ እንበል። ስቴትመንቱ ላይ ግን የምግብ ቤቱ ስም የለም፤ የማታውቁት ሰው ስም ነው ያለው። ወዲያው ተሰረቅሁ አትበሉ። ካርዱን ያነበበው ፖስ ማሽን በንግድ ፈቃዱ ባለቤት ስም ተመዝግቦ ሊሆን ይችላል። ብሩንና ሰዓቱን ከደረሰኙ ጋር አስተያዩ። ቀኑ በፈረንጆች አቆጣጠር ከሆነም ልብ በሉ፦ የጥምቀት ዕለት ማታ 2 ሰዓት የከፈላችሁት አብዛኛውን ጊዜ ጃንዋሪ 19፣ 20:00 ተብሎ ይመጣል።

አሁንም የእናንተ ካልመሰላችሁ ካርዱን ቶሎ አሳግዱ። ከዚያ ካርዱን ወደ ሰጣችሁ ባንክ ሂዱ፤ ማሽኑ የሌላ ባንክ ቢሆንም እንኳ። የግብይቱን መለያ ቁጥር ጠቅሳችሁ ቅሬታውን በጽሑፍ አስገቡ፤ ቅጂው ላይ ማኅተም አስመቱ። በቃል ብቻ ነግራችሁ እንዳትመለሱ። በዚህ መሃል «ብርህን ላስመልስልህ» ብሎ ደውሎ የሚስጥር ቁጥር የሚጠይቅ ካለ ስልኩን ዝጉበት።