አየርላንዳውያንን በበዓላቸው እንዴት እንመርቃቸው

ጎልዌይ ከተማ በአንድ የአረጋውያን መጦሪያ ሥራ በጀመርኩበት ዓመት፣ ለገና የገዛሁትን ካርድ ለአንድ ባልና ሚስት ሰጠኋቸው። በላዩ ላይ በራሳቸው ቋንቋ «ኖሊግ ሆነ ድች» ብዬ ጽፌበታለሁ፤ መልካም ገና ማለት ነው። ሚስትየዋ ከጎልዌይ በስተምዕራብ ያለው የኮኔማራ አካባቢ ተወላጅ ናቸው፤ አፋቸውን የፈቱት በአይሪሽ፣ በጥንቱ የአየርላንድ ቋንቋ ነው። ካርዱን ወደ መስኮቱ ብርሃን አስጠግተው አነበቡት፣ ባላቸውን አየት አደረጉ፣ ከዚያ ወደ እኔ ዞረው «ለማናችን ነው?» አሉኝ። እርሳስ አንስተው «ድች» የሚለውን በቀጭኑ ሰረዙና ከበላዩ «ዲቭ» ብለው ጻፉበት።

የመጀመሪያው ትምህርት ይኸው ነው። ለአንድ ሰው ድች፣ ከአንድ በላይ ለሆኑ ዲቭ። ወንድና ሴት አይለዩም፤ እንደኛ «እርስዎ» የሚባል የአክብሮት መጠሪያም አይጠብቁም፤ ስለዚህ ለአዛውንት ድች ማለት ድፍረት አይሆንም። እንደየአካባቢው «ድት» የሚሉም አሉ። «ሆነ» የሚለው ቃል ደግሞ «ነገሩ ሆነ» ስንል እንደሚሰማው ስለሆነ ለኛ አፍ አይከብድም።

ሁለተኛው ምክሬ፣ እነዚህን ምርቃቶች በእንግሊዝኛ በኩል ዞራችሁ አትማሯቸው። ለቱሪስት በሚሸጥ ስኒና ፎጣ ሁሉ ላይ «መንገዱ ሊቀበልህ ይነሣ» የሚል የአየርላንድ ምርቃት በእንግሊዝኛ ታትሞ ታገኛላችሁ። የአይሪሹ ቃል ግን «ገ ናይሪ አን ቦኸር ላት» ነው። ግሱ ለብቻው ሲቆም መነሣት ማለት ነው፤ «ላት» ሲከተለው ግን መቅናት፣ መሳካት ይሆናል። ተርጓሚው የመጀመሪያውን ትርጉም ይዞ ሄደ። እኛ «መንገዱ ይቅናህ» ብንል ቃል በቃል ደረስንበት። አብዛኛው ምርቃታቸው የሚጀምርበት «ገ»ም «ይስጥህ፣ ያድርስህ» ስንል የምናስገባት «ይ» ናት። ምስጋናቸው ራሱ ምርቃት ነው፤ «ገ ሬቭ ማ አገት» ሲሉ «በጎ ነገር ይሁንልህ» ማለታቸው ነው። «እግዚአብሔር ይስጥልኝ» ብሎ ያደገ ሰው ይህን ለመረዳት አስተማሪ አያስፈልገውም።

አጭሩን ምረጡ። እ.ኤ.አ. በ2022 በተደረገው የሕዝብ ቆጠራ 1.87 ሚሊዮን ያህል ሰው አይሪሽ እችላለሁ ብሏል፤ ከትምህርት ቤት ውጭ በየቀኑ የሚናገረው ግን 72 ሺህ ገደማ ብቻ ነው። ብዙዎቹ ከልጅነታቸው የቀራቸው ጥቂት ሐረግ ነውና ረጅሙን ብትሸመድዱላቸው ታሳፍሯቸዋላችሁ። አጭሩን ስትሏቸው ግን ፊታቸው ይበራል። ብርጭቆ ሲነሣ «ስላንቸ» ይበቃል፤ ጤና ማለት ነው።

ለገናና ለአዲስ ዓመት ግን ከሁሉ የምወደውን ልስጣችሁ፤ «ገ ሜሪሚጅ ብዮ ኤር አን አም ሾ አሪሽ»። በሚመጣው ዓመት በዚህ ጊዜ በሕይወት ያገናኘን ማለት ነው፤ የኛው «ዓመት ዓመት ያድርሰን»። ይህን በር ላይ ቆማችሁ እየሄዳችሁ አትበሉት። ተበልቶ ካበቃ በኋላ፣ ጨዋታው ቀዝቀዝ ሲልና አንዱ ባዶውን ወንበር ማየት ሲጀምር ነው ቦታው። ቀስ ብላችሁ በሉት፤ «ብዮ» ላይ ድምፃችሁን ጠበቅ አድርጉት፤ ሕያው የሚለው ቃል እሱ ነውና። ከዚያ ዝም በሉ። እኛ ለአሜን ጊዜ እንደምንሰጠው ሁሉ እነሱም መልስ አላቸው። «ገረብ አውሊ ድች» ይሏችኋል፤ ለአንተም እንዲሁ ይሁን። አሜን የሚሉም አሉ፣ ያ ደግሞ አስተርጓሚ አይፈልግም።

ሰርግ ላይ የሚባለው «ሽሎኽት ሽላኽታ ኤር ህሎኽት ዉር ሽላኽታ» ነው። እዚህ ያለው ኽ የትግርኛው ኸ እንደሚነገረው ጉሮሮ ላይ ይፋቃል፤ በሌሎቹ ምርቃቶች ያለው ኸ ግን እንደ አማርኛው ነው። የልጅ ልጃችሁ ልጅ ይውለድ እንደማለት ነው፤ እኛ የልጅ ልጅ ያሳያችሁ የምንለው። ለሁለት ስለሚባል «ዉር»፣ የእናንተ፣ ገብቶበታል፤ እንዳትቀይሩት። ከዚህ የሚረዝም አንድ የቆየ የብርጭቆ ምርቃትም አለ። ጤናና ዕድሜ ይስጥህ፤ የወደድካትን ሴት፣ በየዓመቱ ልጅ፣ ኪራይ የማይከፈልበት መሬት ይስጥህ፤ ሞትህም በአየርላንድ ይሁን ይላል። በየዓመቱ ልጅ የሚለውን ለዛሬ ሙሽራ እንድትሉት አልመክርም። ኪራይ የሌለው መሬት የሚለውን ግን ሳልረዳው አላለፍኩም። የአየርላንድ ገበሬ ለባለርስት ኪራይ የሚከፍል ጢሰኛ ነበር፤ እ.ኤ.አ. ከ1879 እስከ 1882 የመሬት ጦርነት የተባለውን ትግል ያካሄደውም በዚህ የተነሣ ነው። «ሞትህ በአየርላንድ ይሁን» ያሉት ደግሞ በ1845 ከጀመረው ታላቁ ረሃብ ወዲህ ልጆቻቸውን በመርከብ ሲሸኙ የኖሩ ሰዎች ናቸው። በሰው አገር ለሚኖር ሰው «ለአገርህ አፈር ያብቃህ» ምን እንደሚመስል እናውቃለን።

ለቅዱስ ፓትሪክ በዓል፣ ማርች 17፣ «ላ ኤለ ፓድሪግ ሶነ ድች» በሉ። ገና ላይ «ሆነ» የነበረው እዚህ «ሶነ» የሆነው በቋንቋቸው ገና እንስት፣ ቀን ደግሞ ተባዕት ስለሆነ ነው። ለልደትም «ላ ብሬኸ ሶነ ድች»። ዕድሜው ለገፋ ሰው «ገ ማሬ ቱ አን ኬድ»፣ መቶ ዓመት ኑር፣ ይጨመራል። እዚያ አገር ከልብ የሚባል ነው፤ መቶ ለሞላው ሰው የአገሪቱ ፕሬዚዳንት ደብዳቤና ገንዘብ ይልኩለታል።

በተለይ ለእህቶቼ የምጠቁመው ቀን ጃንዋሪ 6ን ነው፤ «ኖሊግ ነ ማን»፣ የሴቶች ገና። በደቡብ ምዕራብ አየርላንድ፣ በኮርክና በኬሪ ወግ፣ በዚያ ቀን ወንዶች የቤቱን ሥራ ይይዛሉ፣ ሴቶቹ ወጥተው አብረው ሻይ ይጠጣሉ። ለኛ የገና ዋዜማ ነው። ብዙ ሴቶች ባሉበት ገብታችሁ «ኖሊግ ነ ማን ሆነ ዲቭ» በሉ።

ባለፈው ዓመት በዚያ ቀን ከሥራ በኋላ ወደ ቤተ ክርስቲያን ልሄድ ነጠላዬን ለብሼ የኮኔማራዋን እናት ልሰናበታቸው ገባሁ። ነጠላው አዲስ ነው፣ እናቴ የላከችው። ጥለቱን በሁለት ጣታቸው ይዘው ከጫፍ እስከ ጫፍ ዳሰሱት። «ገ ማሬ ቱ ስ ገ ጋኸ ቱ ኤ» አሉኝ። ኑሪ፣ ለብሰሽም ጨርሺው። ለአዲስ ልብስ የሚባል ነው፤ በጤና ልበሺው እንደምንለው። እጃቸውን ሳምኩና «ገ ሬቭ ማ አገት» አልኳቸው።